ያለ ፈቃድ የመጣ እንግዳ፤ ሸክሙ በማን ላይ ይወድቃል?



ከጥቂት ጊዜ በፊት ከቅዳሴ በኋላ በአዳራሹ ተቀምጠን ሻይ ስንጠጣ ሁለት ምእመናን ሲከራከሩ ሰማሁ። አንደኛው በዕድሜ የገፉ፣ ከአርባ ዓመት በፊት በሱዳን በኩል የመጡ አባት ናቸው። «እነዚህ አዲስ መጤዎች ያለ ፈቃድ እየገቡ የሥራውን ዋጋ አረከሱት፣ የቤት ኪራዩን አስወደዱት፣ የእኛንም ስም አስነሡት» ይላሉ። ሁለተኛው ጎልማሳ ነው። «አባባ፣ እርስዎስ መተማን በሌሊት ሲሻገሩ ፈቃድ የሰጠዎ ማን ነበር?» ሲል ጠየቃቸው። አዛውንቱ ዝም አሉ፤ በዙሪያው የነበረውም ሰው ሳቀ። ክርክሩ በሳቅ ተቋጨ፤ ጥያቄው ግን አልተቋጨም።

እኔ እንደሚመስለኝ ሁለቱም የእውነቱን ግማሽ ይዘዋል። አዛውንቱ ያዩት ሸክም በእርግጥ አለ፤ ጎልማሳው ያስታወሰውም ታሪክ የሁላችንም ታሪክ ነው። ስለሆነም በዚህች አጭር ጽሑፍ ያለ ፈቃድ የሚደረግ ፍልሰት በኑሮና በምጣኔ ሀብት ረገድ የሚያስከትለውን ውጤት፣ ማን እንደሚከፍልና ማን እንደሚጠቀም፣ በመጨረሻም የእኛ ድርሻ ምን እንደሆነ በቅደም ተከተል ለማየት እንሞክራለን። ዓመታቱ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር የተጻፉ ናቸው።

ሀ. የቃላቱ ፍች

በተለምዶ «ወረቀት የሌለው» የምንለው ሰው በሕግ ፊት አንድ ዓይነት አይደለም። አንደኛው ለድንበር ሹማምንት ሳይታይ የገባ ነው። ሁለተኛው በጉብኝት ወይም በትምህርት ቪዛ በሕጋዊ በር ገብቶ የተፈቀደለት ቀን ካለፈ በኋላ የቀረ ነው። ሦስተኛው ጥገኝነት ጠይቆ ጉዳዩ እስኪታይ የሚጠባበቅ ነው። የዚህ የሦስተኛው አገባብ ከፈቃድ ውጭ ሊሆን ይችላል፤ ጥገኝነት የመጠየቅ መብት ግን በ1980 በወጣው የስደተኞች ሕግ የታወቀ ነው፤ ምንም እንኳ ከ2023 ወዲህ ተደራርበው የወጡ ደንቦችና ዐዋጆች ይህን በር እጅግ ቢያጠቡትም።

ከእነዚህ ሌላ ጊዜያዊ ከለላ የተሰጣቸው አሉ። በአገራችን በተነሣው ጦርነት ምክንያት ለኢትዮጵያውያን ይህ ከለላ በ2022 መጨረሻ ተሰጥቶ፣ በ2024 ተራዝሞ ነበር። ጊዜያዊ ከለላ ስሙ እንደሚናገረው ጊዜያዊ ነው፤ ቀኑ ሲያልፍ ወይም መንግሥት ሲያነሣው፣ ትናንት ፈቃድ የነበረው ሰው ምንም ሳያጠፋ በማግሥቱ ፈቃድ የሌለው ሆኖ ያድራል። ፒው የተባለው የጥናት ማእከል በ2023 በአሜሪካ ሙሉ ሕጋዊ ፈቃድ ሳይኖራቸው የሚኖሩትን ሰዎች 14 ሚሊዮን ብሎ ሲገምት፣ ከእነዚህ መካከል 6 ሚሊዮን የሚሆኑት ይህን የመሰለ አንድ ዓይነት ጊዜያዊ መጠጊያ እንደነበራቸው ገልጿል። እንግዲህ «ፈቃድ ያለው» እና «ፈቃድ የሌለው» የምንላቸውን የሚለያቸው አጥር ብዙ ጊዜ የአንድ ቀን ወይም የአንድ ፊርማ ያህል ነው። ይህን መዘንጋት አይገባም።

ለ. በቱክዊላ የታየው

ከሲያትል በስተደቡብ፣ ከአውሮፕላን ማረፊያው አጠገብ ያለችው ቱክዊላ በ2020 ቈጠራ 21,798 ነዋሪዎች የነበሯት ትንሽ ከተማ ናት። በቱክዊላ ኢንተርናሽናል ቡሌቫርድ ቍጥር 12500 የፌዴራሉ የኢሚግሬሽን ሕንፃ ቆሟል፤ ከመካከላችን ብዙዎች ለቃለ መጠይቅ ልባቸው እየመታ የገቡበት፣ የዜግነት መሐላም ፈጽመው ፎቶግራፍ ተነሥተው የወጡበት ቤት ነው። ከዚያ ሕንፃ ተነሥቶ በዚያው ጎዳና ወደ ደቡብ የሚሄድ ሰው አንድ ሰዓት ሳይሞላው በእግሩ ሪቨርተን ፓርክ ከተባለው የሜቶዲስት ቤተ ክርስቲያን ይደርሳል።

በ2023 በዚህ ቤተ ክርስቲያን ግቢ ከአንጎላ፣ ከኮንጎና ከቬኔዝዌላ የመጡ በመቶ የሚቈጠሩ ጥገኝነት ጠያቂዎች፣ ነፍሰ ጡሮችና ሕፃናት ሳይቀሩ በድንኳን ሰፍረው ነበር። የዚያን ጊዜዋ አገልጋይ ፓስተር ጃን ቦለርጃክ በሩን ከፈተች፤ ወሬውም ከአፍ ወደ አፍ ተሰማና ሰው ተከታትሎ መጣ። ምግብ፣ መጸዳጃ፣ ቆሻሻ ማስወገጃ፣ ሐኪም፣ አስተርጓሚ ሁሉ በአንዲት አጥቢያና በአንዲት ትንሽ ከተማ ጫንቃ ላይ ወደቀ። በጥቅምት 2023 የከተማዋ ምክር ቤት የአስቸኳይ ጊዜ ሁኔታ ዐወጀ። ከዚያም ኪንግ ካውንቲና የዋሽንግተን ግዛት ገንዘብ መደቡ፤ አንዳንድ ቤተ ሰቦች ወደ ሆቴል ተዛወሩ፤ በጥር 2024 የሆቴሉ ክፍያ ሲያልቅ ግን ከነልጆቻቸው እንደገና ማደሪያ ፍለጋ የተንከራተቱ ነበሩ።

እዚህ ላይ የሚነሣው ጥያቄ «እነዚህ ጤነኛና ጎበዝ ሰዎች ለምን ሠርተው አይበሉም?» የሚል ነው። መልሱ በደንቡ ውስጥ ይገኛል። በዚያን ጊዜ ለነበሩት ሰዎች ሕጉ እንዲህ ይል ነበር፤ ጥገኝነት የጠየቀ ሰው ማመልከቻውን ካስገባ 150 ቀን ሳይሞላው ለሥራ ፈቃድ ማመልከት አይችልም፣ 180 ቀን ሳይሞላውም ፈቃዱ አይሰጠውም። ማመልከቻው ደግሞ በእንግሊዝኛ፣ ከነማስረጃው፣ በመጣ በአንድ ዓመት ጊዜ ውስጥ መግባት አለበት። ጠበቃ፣ አድራሻና ጠረጴዛ የሌለው፣ በድንኳን ውስጥ የሚያድር ሰው ይህን ለማሟላት ወራት ይፈጅበታል፤ የ180 ቀኑም ቈጠራ የሚጀምረው ከዚያ በኋላ ነው። በ2023 መጨረሻ በኢሚግሬሽን ፍርድ ቤቶች የተከማቸው ጉዳይ ከ3 ሚሊዮን በላይ ደርሶ ነበር። እንግዲህ ከተማዋን ያስጨነቀው ወጪ በአብዛኛው ከሰው መምጣት ብቻ የመነጨ አልነበረም፤ የመጣው ሰው እጁን አጣጥፎ እንዲጠብቅ ከመገደዱ የመነጨ ነበር።

ሐ. በምጣኔ ሀብት ረገድ

የዚህን ነገር ጥቅምና ጉዳት ስንመዝን ሁለቱ በአንድ ቦታ እንደማይገኙ እናያለን።

በመጀመሪያ ስለ ግብር። የሶሻል ሴኪዩሪቲ ቍጥር ለሌላቸው ሰዎች የአገር ውስጥ ገቢ መሥሪያ ቤት ከ1996 ጀምሮ ለግብር ብቻ የሚያገለግል ልዩ ቍጥር ይሰጣል። የግብርና የኢኮኖሚ ፖሊሲ ተቋም የተባለው ድርጅት እንደገመተው፣ ፈቃድ የሌላቸው ነዋሪዎች በ2022 በጠቅላላው 96.7 ቢሊዮን ዶላር ግብር ከፍለዋል፤ ከዚህም ውስጥ 25.7 ቢሊዮኑ ለሶሻል ሴኪዩሪቲ የተከፈለ ነው። በሸመገሉ ጊዜ ግን ከዚያ ጡረታ ይቀበሉ ዘንድ ሕጉ አይፈቅድላቸውም። ከዚህ ግብር የሚበልጠው ክፍል ወደ ዋሽንግተን ዲሲ ሲሄድ፣ የትምህርት ቤቱ፣ የመጠለያውና የድንገተኛ ሕክምናው ወጪ ግን ቱክዊላን በመሰሉ ከተሞች ላይ ይቀራል። ትርፉ ሩቅ፣ ሸክሙ ቅርብ ነው የምንለው ስለዚህ ነው።

ሁለተኛ ስለ ደመወዝ። የአሜሪካ ብሔራዊ የሳይንስ አካዳሚዎች በ2016 ባሳተሙት ሰፊ ጥናት መሠረት፣ ፍልሰት በጠቅላላው የአገሬው ሠራተኛ ደመወዝ ላይ ያለው ተጽዕኖ በረጅም ጊዜ ሲታይ እጅግ አነስተኛ ነው። ይሁን እንጂ ተጽዕኖው በሚታይበት ቦታ ይበልጥ የሚጐዱት አስቀድመው የመጡት ስደተኞች ናቸው፤ ከእነርሱም ቀጥሎ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ያልጨረሱ የአገሬው ተወላጆች ይጐዳሉ። አስተውሉ፤ አስቀድመው የመጡት ስደተኞች የተባልነው እኛ ነን። ስለዚህ የአዛውንቱ ስጋት ከመሬት የተነሣ አይደለም። ያው ጥናት ግን ሌላም ነገር ይናገራል፤ የመጀመሪያው ትውልድ በተለይ ልጆቹን በማስተማሩ ምክንያት ለግዛቶችና ለከተሞች ወጪ ሲሆን፣ እነዚያው ልጆች ሲያድጉ ከአገሪቱ ብርቱ ግብር ከፋዮች መካከል ይሆናሉ። የዛሬው ወጪ ለነገ የተዘራ ዘር ነው ማለት ነው።

ሦስተኛ ስለ ሸቀጥ ዋጋ። በአሜሪካ በእርሻ ከሚቀጠሩ የሰብል ሠራተኞች 40 በመቶ ያህሉ ፈቃድ የሌላቸው ናቸው። የዋሽንግተን ግዛት በፖም ምርት ከአገሪቱ የመጀመሪያውን ስፍራ ይዟል፤ በያኪማ ሸለቆ የሚለቀመው ፖም በእያንዳንዳችን ገበታ ላይ ይቀርባል። ፈቃድ የሌለው ሰው ባይኖር ደስ ይለኛል የሚል ሰው ሁሉ፣ የድካሙን ፍሬ በርካሽ እየገዛ እንደሚበላ አይርሳ።

አራተኛው ግን ከሁሉ ይበልጥ የሚያሳስበን ነው፤ ይኸውም ፍርሃት የሚያስገኘው ትርፍ ነው። አንድ ምሳሌ እንውሰድ። በ2025 በዋሽንግተን ግዛት ዝቅተኛው የሰዓት ደመወዝ 16 ዶላር ከ66 ሳንቲም ነበር፤ በቱክዊላማ ሕዝቡ በ2022 በሰጠው ድምፅ መሠረት ለትላልቅ ቀጣሪዎች ከዚህም የሚበልጥ ነው። አንድ ወረቀት የሌለው ወጣት በሳምንት 50 ሰዓት እየሠራ በሰዓት 10 ዶላር በእጁ ቢቀበል፣ ሳምንታዊ ገቢው 500 ዶላር ይሆናል። በሕጉ ቢሆን፣ ከ40 ሰዓት በላይ ያለው በአንድ ተኩል ተባዝቶ 916 ዶላር ከ30 ሳንቲም ይደርሰው ነበር። በየሳምንቱ 416 ዶላር ከ30 ሳንቲም ከኪሱ ወጥቶ ወደ ቀጣሪው ኪስ ይገባል ማለት ነው። አጠገቡ በሕጉ የሚከፍለው ሐቀኛ ነጋዴም መወዳደር ያቅተዋል፤ ፈቃድ ያለው ሠራተኛም «ለአንተ የምከፍለውን ሌላው በግማሽ ይሠራዋል» ይባላል። የሥራውን ዋጋ የሚያረክሰው እንግዲህ የመጤው ፍርሃትና በዚያ ፍርሃት የሚነግደው ሰው ነው።

የዋሽንግተን ግዛት ሕግ ግን ዝቅተኛውን ደመወዝም ሆነ በሥራ ላይ ለሚደርስ ጉዳት የሚከፈለውን ካሣ የሠራተኛውን ወረቀት ሳይጠይቅ ያስከብራል። እዚህ አጠገባችን በታኮማ ባለው የኢሚግሬሽን ማቆያ ቤት የሚታሰሩ ሰዎች በወጥ ቤትና በጽዳት እየሠሩ በቀን 1 ዶላር ይከፈላቸው ነበር። በ2021 የፌዴራል ፍርድ ቤት ጁሪ ማቆያውን የሚያስተዳድረው የግል ኩባንያ የግዛቱን ዝቅተኛ ደመወዝ መክፈል እንደነበረበት ፈረደ፤ በጥር 2025 የይግባኙ ፍርድ ቤት ይህንኑ አጸና። በእስር ላይ ላለ ሰው ሕጉ ይህን ካለ፣ በሱቅ ውስጥ ለሚደክመው ምን ይላል?

ስለዚህ ነገር የምጽፈው ከመጽሐፍ ብቻ አይደለም። በ1984 ገዳሪፍ በገባሁ ጊዜ የሱዳን መታወቂያ አልነበረኝም። ለአንድ ነጋዴ የሰሊጥ ጆንያ እየተሸከምሁ አንድ ወር ሠራሁ። የወሩ መጨረሻ ሲደርስ ገንዘቤን ብጠይቀው ፈገግ ብሎ ወደ ፖሊስ ጣቢያው በእጁ አመለከተኝ። ሂድና ክሰሰኝ ማለቱ ነበር። ሁለታችንም እንደማልሄድ እናውቃለን። የዚያን ዕለት የራበኝ ረኀብ ተረስቷል፤ ያ ፈገግታ ግን እስከ ዛሬ አልተረሳኝም። በኋላ በስደተኝነት ተመዝግቤ፣ በ1980ው ሕግ ወደዚህ አገር ስገባ፣ ያው ሰውነቴ ያው ጕልበቴ ነበር፤ የተለወጠው ወረቀቱ ብቻ ነው።

መ. በማኅበራዊ ኑሮ ረገድ

የቱክዊላ ትምህርት ቤቶች በ2009 ኒውዮርክ ታይምስ ባደረገው ትንታኔ በአሜሪካ የሕዝብ ስብጥራቸው ከሁሉ የበዛ ተብለው ነበር። የጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ1982 በሰጠው ውሳኔ መሠረት ሕፃናት የወላጆቻቸው ወረቀት ሳይጠየቅ የመማር መብት አላቸው። ልጁ ይማራል፣ ቋንቋውን ያውቃል፤ ከዚያም የአባቱ አፍ ይሆናል። በባንክ፣ በሐኪም ቤት፣ በአከራይ ፊት አባቱን የሚያስተረጕም የ10 ዓመት ልጅ የቤቱን ምስጢርና ፍርሃት ሁሉ ያለ ዕድሜው ይሸከማል። በቤት ውስጥ የአባትና የልጅ ሥርዐት የሚናጋው ከዚህ ይጀምራል።

ሕክምናውም እንዲሁ ነው። በ1986 የወጣው ሕግ ሆስፒታሎች ድንገተኛ በሽተኛን ማንነቱን ሳይለዩ እንዲያዩ ያዛል። ፈርቶ የቀረው ሰው ግን በትንሽ ገንዘብ ሊድን የሚችለውን ደዌ እስኪብስ ይሸሽገዋል፤ በመጨረሻም በአምቡላንስ ይገባል። ለእርሱም ለከተማውም ዋጋው ይበዛል። ስለ ፖሊስም ቢሆን፣ የዋሽንግተን ግዛት በ2019 ባወጣው ሕግ የአካባቢ ፖሊሶች በኢሚግሬሽን ሥራ እንዳይሠማሩ ገድቧል፤ ይህን የማያውቅ ሰው ግን ሲዘረፍ ዝም ይላል፣ ሚስትም ስትደበደብ ዝም ትላለች። ዝምታው ወንበዴውን ሲያደፋፍረው ሕጋዊው ጎረቤትም አብሮ ይጐዳል።

አንድ ሌላ ክፉ ነገርም በመካከላችን ገብቷል፤ «ኬዝ መጻፍ» የሚሉት ነው። ጠበቃ ያልሆነ ሰው ገንዘብ ተቀብሎ፣ ያልታሰረውን ታስሬአለሁ፣ ያልተገረፈውን ተገርፌአለሁ እያሰኘ ታሪክ ይፈጥርለታል። ዳኛው ማመልከቻው ሆን ተብሎ በሐሰት የተሠራ መሆኑን ካረጋገጠ፣ ያ ሰው ለዘለዓለም ከማናቸውም የኢሚግሬሽን ጥቅም ሊታገድ ይችላል። ከዚህም በላይ በእርግጥ የታሰረውና የተገረፈው ወንድማችን ቀርቦ ሲናገር የሚያምነው ያጣል። ሐሰተኛው ምስክርነት የእውነተኛውን ስደተኛ እንጀራ ይሰርቃል።

ሠ. የመንገዱ መነሻ

እስከዚህ ያየነው በዚህ ባሕር ማዶ ያለውን ነው። መንገዱ ግን የሚጀምረው ከአገር ቤት፣ ብዙ ጊዜም ከእኛው ስልክ ነው። ገንዘብ ስንልክ፣ አዲስ መኪና ፊት ቆመን የተነሣነውን ፎቶግራፍ ስንልክ፣ የሁለት ሥራ ድካማችንንና የኪራይ ዕዳችንን ሳንነግር ስንቀር፣ በቆቦም ሆነ በሆሳዕና የሚኖረው ወጣት ሌላ ምን ሊያስብ ይችላል? አባት በሬውን ይሸጣል፣ መሬቱን በወለድ አገድ ያስይዛል፣ ገንዘቡን ለደላላ ይከፍላል። ልጁ ከቀናው የሚልከው ገንዘብ ቤት ያሠራል፣ ታናናሾችን ያስተምራል፤ ይህን ጥቅም የሚክድ የለም። ካልቀናው ግን ልጅም መሬትም በአንድ ላይ ይጠፋሉ።

ያልቀናቸው ደግሞ ብዙዎች ናቸው። ከኅዳር 2013 ጀምሮ በነበሩት ጥቂት ወራት ሳዑዲ ዐረቢያ ከ160,000 በላይ ኢትዮጵያውያንን መልሳለች። በሚያዝያ 2015 በሊቢያ በረሃና ባሕር ዳር ወንድሞቻችን ስለ እምነታቸው ተሠዉ። በመጋቢት 2020 በሞዛምቢክ ቴቴ በተባለ አውራጃ በታሸገ የጭነት መኪና ውስጥ 64 ኢትዮጵያውያን ታፍነው ሞተው ተገኙ፤ ወደ ደቡብ አፍሪቃ የሚያመራው መንገድ ነበር። ወደዚህ ወደ አሜሪካም ከብራዚል ተነሥተው፣ የዳሪየንን ጫካ በእግር አቋርጠው የደረሱ በመካከላችን አሉ፤ ያዩትን ለመናገር ግን አንደበታቸው ይያዛል። የኢትዮጵያ መንግሥት በ2015፣ ከዚያም በ2020 በዐዋጅ ቍጥር 1178 በሰው በሚነግዱት ላይ ጽኑ ቅጣት ደንግጓል። ዐዋጅ ግን በደላላ ላይ እንጂ በተስፋ መቍረጥ ላይ አይሠለጥንም።

ረ. ከእኛ የሚጠበቀው

በየዓመቱ ከመስከረም 26 እስከ ኅዳር 5 ቀን በዘመነ ጽጌ የእመቤታችንንና የልጇን ስደት እናስባለን። ስደትን በማሕሌት አስበን በሱቃችን ውስጥ ብንበድለው ምን ይጠቅመናል? ስለዚህ የሚከተሉትን አሳስባለሁ።

1ኛ. ቀጣሪ የሆንን ሁሉ የሕጉን ደመወዝ እንክፈል። ሥራ የመቅጠር ደንብ ከ1986 ጀምሮ ወረቀት መመልከትን እንደሚያዝ የታወቀ ነው፤ ነገር ግን የሠራን ሰው ደመወዝ መከልከል በየትኛውም ሕግ አልተፈቀደም።

2ኛ. አዲስ የመጣውን ሰው በመጀመሪያው ወር ወደ እውነተኛ ጠበቃ ወይም ፈቃድ ወዳለው የሕግ አማካሪ እናድርሰው። የአንዱ ዓመት ቀጠሮ ካለፈ በኋላ የሚደረግ ርዳታ ብዙ አይጠቅምም። በ2025 የወጣው ሕግ ለጥገኝነት ማመልከቻ 100 ዶላር፣ ለመጀመሪያው የሥራ ፈቃድ 550 ዶላር ክፍያ ጥሏል፤ ሥራ ላልጀመረ ሰው ይህ ተራራ ነው። ዕቁብና ዕድር የምናውቅ ሕዝብ ይህን በብድር መሸፈን አያቅተንም።

3ኛ. ታሪክ አንፍጠርለት። እውነተኛውን ታሪክ በሥርዐት እንዲያቀርብ እንርዳው።

4ኛ. ልጆችን ከአስተርጓሚነት እናሳርፍ። እንግሊዝኛና አማርኛ አጥርተው የሚያውቁ ጎልማሶች በሳምንት አንዲት ሰዓት ቢሰጡ ይበቃል።

5ኛ. ለአገር ቤት እውነቱን እንንገር፤ የምናገኘውንም የምንከፍለውንም። ከ2026 መግቢያ ጀምሮ በጥሬ ገንዘብ በሚላክ ሐዋላ ላይ 1 በመቶ ቀረጥ መጣሉንም ሳይቀር።

ድንበር የመጠበቅ ሥልጣን የመንግሥት ነው፤ ማን ይግባ ማን አይግባ የሚለውን እኛ አንወስንም። የገባው ሰው በእጃችን ሲወድቅ ግን የምናደርገው የእኛ ነው። ከዚያ ክርክር በኋላ በሚቀጥለው እሑድ አዛውንቱ ወደ እኔ ቀረቡና፣ «ያ ልጅ የጠየቀኝን ስመልስ አደርሁ» አሉኝ። «ምን ብለው መለሱ?» ብላቸው፣ «የሱዳን ገበሬ ነው ውኃ የሰጠኝ፤ ፈቃድ አልጠየቀኝም» አሉ። ከዚያም ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው፣ በሱቃቸው ለሚሠራው ወጣት እስከ ዛሬ የጐደለውን ደመወዝ እንዴት እንደሚያሰሉት ጠየቁኝ። እርሳስና ወረቀት አውጥተን አብረን ተቀመጥን።